ከማዕበሉ ይልቅ ሒሳቡን ተመልከቱ

የባሕር ፊልም በሚታይበት አዳራሽ ውስጥ አንድ የማይቀር ጥያቄ አለ። ሰማዩ ይጠቁራል፤ ሬዲዮው ማዕበል እየመጣ መሆኑን ይለፍፋል፤ ጀልባዋ ግን ፊቷን ወደ ጥቁሩ ሰማይ አድርጋ ትገሰግሳለች። ይህን ጊዜ ከኋላ ወንበር አንድ ሰው አንደበቱን መግታት ያቅተውና «ምን ሆነው ነው የማይመለሱት?» ይላል። በፒያሳም ሆነ በአራት ኪሎ፣ በባህል ማዕከል አዳራሽም ሆነ በወዳጅ ሳሎን ይህን ጥያቄ ሳልሰማ የወጣሁበት ጊዜ ትዝ አይለኝም። ጥያቄው የዋህ ይምሰል እንጂ ዋናውን ነገር የነካ ነው። ስለ ዓሣ አጥማጆች የተሠሩ ጥሩ ፊልሞች በሙሉ በዚሁ ጥያቄ ዙሪያ ይሽከረከራሉ፤ መልሱ ደግሞ ያለው የብስ ላይ፣ በዓሣ ገበያው ሚዛንና በብድር ደብተሩ ውስጥ ነው።

ለአዲስ አበባ ሰው ነገሩ ቢርቀው አይፈረድበትም። ከተማችን ከባሕር ጠለል በላይ 2,400 ሜትር ገደማ ላይ ተቀምጣለች፤ አገሪቱም ከ1993 ወዲህ የባሕር ጠረፍ የላትም (እዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ባሕር ለብዙዎቻችን ወይ የፖለቲካ ክርክር ነው፣ ወይ ዳዊት። ዳዊት የደገመ የደጋ ሰው ባሕር ዓይቶ ባያውቅም ማዕበልን ያውቃል፤ 106ኛው መዝሙር በመርከብ ወደ ባሕር የሚወርዱትን፣ ሞገዱ ወደ ሰማይ አውጥቶ ወደ ጥልቁ የሚያወርዳቸውን፣ እንደ ሰካራም የሚንገዳገዱትን ሰዎች አንድ በአንድ ይነግረናል። በአሜሪካዋ የማሳቹሴትስ ግዛት የምትገኘው የግሎስተር ከተማ ባሕር ለበላባት ዓሣ አጥማጆች ባቆመችው ሐውልት ላይ የተጻፈው ቃልም ከዚሁ መዝሙር የተወሰደ ነው። እኛ ከግሎስተር ሰዎች የሚለየን ከማዕበሉ በፊትና በኋላ ያለውን አለማወቃችን ነው።

በረዶው

አራት ኪሎ አካባቢ ዓሣ የሚሸጡ አንዲት እናት አሉ። ከዝዋይና ከአርባ ምንጭ የሚመጣላቸውን ቆሮሶና ፊሌቶ በፕላስቲክ ሳጥን ውስጥ፣ በበረዶ ስባሪ መካከል ደርድረው ይቀመጣሉ። በአንድ የጾም ሰሞን ከሰዓት በኋላ፣ ከፊቴ የቆመ ወጣት «እትዬ፣ ጠዋት እኮ ከዚህ የበለጠ ነበር የጠየቁኝ» ቢላቸው፣ «ጠዋትማ በረዶ ነበረ የእኔ ልጅ፤ አሁን ውኃ ሆነ፤ ዋጋውም አብሮ ቀለጠ» አሉት። እያነጋገሩትም በቀላ እጃቸው የቀረችውን በረዶ ከሳጥኑ ጥግ እየሰበሰቡ ወደ ዓሦቹ ሆድ ይገፉ ነበር።

የዓሣ ንግድ ሚስጥር በሙሉ እዚህች ሳጥን ውስጥ አለ። ዓሣ ከውኃ ከወጣበት ደቂቃ ጀምሮ መበላሸት ይጀምራል። ሥጋው ልል ነው፤ በቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ መኖር የለመዱት ባክቴሪያዎችም ሆኑ በገዛ ሰውነቱ ውስጥ ያሉት ኢንዛይሞች በቅዝቃዜ ሥራቸውን አያቆሙም። በረዶ ያዘገየዋል እንጂ አያስቀረውም። ስለዚህ ከወደብ የምትወጣ ጀልባ ነዳጅና ስንቅ ብቻ ሳይሆን በቶን የሚቆጠር በረዶ ጭና፣ ወይም በረዶ የሚሠራ ማሽን ይዛ ነው የምትወጣው። የመጀመሪያው ዓሣ ከተያዘበት ሰዓት አንሥቶ ጀልባዋ ላይ የማይታይ ሰዓት ይቆጥራል።

በ2000 በቮልፍጋንግ ፒተርሰን አዘጋጅነት የወጣው «ዘ ፐርፌክት ስቶርም» በዓለም ዙሪያ የታወቀው በግዙፉ ማዕበል ነው። እኔን የያዘኝ ግን በረዶው ነው። ታሪኩ በኦክቶበር 1991 ከስድስት ሠራተኞቿ ጋር በሰሜን አትላንቲክ ስለጠፋችው አንድሪያ ጌል ስለተባለች የግሎስተር ጀልባ ነው። ፊልሙ የሚጀምረው በባዶነት ነው፤ ጀልባዋ ጥቂት ዓሣ ይዛ ትመለሳለች፣ ክፍያው አንገት የሚያስደፋ ይሆናል፣ የጀልባዋ ባለቤት ካፒቴኑን በነገር ይወጋዋል። በዚህ ምክንያት ወቅቱ ሳያልፍ አንድ የመጨረሻ ጉዞ ወደ ሩቁ የዓሣ መስክ ይደረጋል። እዚያ በእርግጥም ዓሣው ይገኛል፤ የጀልባዋ ሆድ ይሞላል። ይህን ጊዜ የበረዶ ማሽኑ ይበላሻል።

እንግዲህ የኋላ ወንበሩ ጥያቄ መልስ የሚያገኘው እዚህ ላይ ነው። ማዕበሉ እስኪያልፍ መጠበቅ ማለት የሳምንታት ድካም ሲበሰብስ ቁጭ ብሎ ማየት ነው። መሄድ ማለት ደግሞ በማዕበሉ መሐል ማለፍ ነው። አንደኛው ኪሳራ የተረጋገጠ ነው፤ ሁለተኛው ምናልባት ነው። ሰው በዚህ ሚዛን ላይ ሲቀመጥ ምናልባትን ይመርጣል።

ስለ እውነቱ አንድ ነገር ማለት ያስፈልጋል። ከጀልባዋ ጋር የመጨረሻው የሬዲዮ ግንኙነት ከተደረገበት ሰዓት በኋላ በላይዋ ላይ ምን እንደሆነ የሚናገር አንድም ምስክር የለም። በኋላ የተገኙት የነዳጅ በርሜሎችና የአደጋ ጊዜ ምልክት መስጫ መሣሪያን የመሰሉ ዕቃዎች ብቻ ናቸው። በፊልሙ ውስጥ የምንሰማው የመጨረሻ ንግግር፣ የምናየው የመጨረሻ ውሳኔ ሁሉ የደራሲ ግምት ነው። የካፒቴኑ ቤተሰቦች አባታችን ሰዎቹን ለሞት እንደዳረገ ደፋር ተደርጎ ተሣለ ብለው ፊልም ሠሪዎቹን ከስሰው ነበር፤ የፍሎሪዳ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2005 በሰጠው ውሳኔ አልተሳካላቸውም። ቅሬታቸው ግን ይገባኛል። የሞተ ሰው ሒሳቡን ሊያስረዳ አይችልም።

እኩልና ሲሶ

ሁለተኛው ሊታወቅ የሚገባው ነገር የዓሣ አጥማጅ ደመወዝ ነው፤ ወይም በትክክል ለመናገር ደመወዝ የሌለው መሆኑ። በብዙ የዓለም ክፍል ጀልባ ላይ የሚሠራ ሰው የወር ደመወዝተኛ አይደለም፤ ከሚያዘው ዓሣ ድርሻ ያገኛል። የእኛ አገር ሰው ይህን ለመረዳት ሩቅ መሄድ አያስፈልገውም። በድሮው ሥርዓት የእኩል አራሽና የሲሶ አራሽ ምን እንደነበረ አያቶቻችን በሚገባ ያውቁታል፤ መሬቱ የባለመሬቱ፣ ጉልበቱ የአራሹ፣ ምርቱ ደግሞ ለሁለት ወይም ለሦስት። ጀልባዋ መሬቱ ናት።

ስሌቱን በብር እንየው። መቶ ብር ዓሣ ተሸጠ እንበል። ከዚህ ላይ መጀመሪያ ነዳጁ፣ በረዶው፣ የመንጠቆው ምግብና ስንቁ ይነሣል፤ ወጪው ሠላሳ ብር ይሁን። ከቀረው ሰባ ብር ግማሹ ለጀልባዋ ባለቤት ሲሆን፣ ሠላሳ አምስቱን ካፒቴኑ፣ መካኒኩ፣ አብሳዩና ሌሎቹ እንደየደረጃቸው ይካፈሉታል። አሁን ደግሞ ዓሣው ጠፋና አርባ ብር ብቻ ተሸጠ። ነዳጁ ያው ነዳጅ፣ በረዶው ያው በረዶ ነው፤ ሠላሳው ተነሥቶ ዐሥር ይቀራል፤ የሠራተኞቹ ድርሻ አምስት ብር ሆነ ማለት ነው። ዓሣው የቀነሰው ከግማሽ ትንሽ በሚበልጥ ነው፤ የሠራተኛው ድርሻ ግን ከሠላሳ አምስት ወደ አምስት ወረደ። ሽያጩ ሠላሳ ብር ሳይሞላ ከቀረ ደግሞ ሰውየው ሳምንታት ሙሉ በባሕር ላይ ሠርቶ ባለ ዕዳ ሆኖ ይመለሳል።

አከፋፈሉ ከወደብ ወደብ ይለያያል፤ ጠባዩ ግን አንድ ነው። ትንሽ መጥፎ ዕድል ለሠራተኛው ትልቅ መጥፎ ዕድል ሆኖ ይደርሰዋል። ፊልም ላይ ካፒቴኑ «አንድ ጊዜ ብቻ እንጣል» እያለ ሰዎቹ በእንቅልፍ እጦት ዓይናቸው ቀልቶ መረቡን መልሰው ሲወረውሩ ስናይ፣ ስግብግብነት ይመስለናል። አብዛኛውን ጊዜ ያቺን ሠላሳ ብር ለማለፍ የሚደረግ ሩጫ ነው። በእርሻ መሬቱ ተሰንጥቆ አይሰምጥም፤ ባሕር ላይ ግን ጀልባዋ ከሰመጠች ባለቤቱ ኢንሹራንስ ሊኖረው ይችላል፤ ለሠራተኛው የሚቀረው ሐውልት ላይ የሚጻፍ ስም ነው።

ሚዛኑን ወደ ባሕር የወረወረው ሰው

ከእነዚህ ፊልሞች ሁሉ ሒሳቡን ፊት ለፊት ያወጣው፣ በእኔ አስተያየት ከሁሉም የላቀው፣ የሉኪኖ ቪስኮንቲ «ላ ቴራ ትሬማ» ነው። በ1948 በሲሲሊ ደሴት፣ አቺ ትሬዛ በምትባል የዓሣ አጥማጆች መንደር ተቀረጸ። መነሻው ጆቫኒ ቬርጋ በ1881 ያሳተመው ልብ ወለድ ነው። ቪስኮንቲ የመሳፍንት ልጅ ነበር፤ የፊልሙ የመጀመሪያ ገንዘብ የመጣው ደግሞ ከኢጣልያ ኮሚኒስት ፓርቲ ነው። ተዋናይ አልቀጠረም፤ የመንደሩን ዓሣ አጥማጆች፣ ሚስቶቻቸውንና ልጆቻቸውን አሰለፈ። የሚናገሩትም በገዛ ቋንቋቸው፣ በሲሲሊኛ ነው። በፊልሙ መግቢያ ላይ ጣልያንኛ በሲሲሊ የድሆች ቋንቋ እንዳልሆነ የሚገልጽ ጽሑፍ ይነበባል።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ንቶኒ የሚባል ወጣት ዓሣ አጥማጅ ከአያቱና ከወንድሞቹ ጋር ሌሊቱን ሲያጠምድ ያድራል። ንጋት ላይ ጅምላ ነጋዴዎቹ ሚዛናቸውን ይዘው ጠረፉ ላይ ይጠብቃሉ። ዋጋውን የሚናገሩት እነሱ ናቸው፤ አጥማጁ ያጉረመርማል፣ ዓሣው ግን መበላሸት ስለጀመረ ይሸጣል። አንድ ቀን ንቶኒ ትዕግሥቱ ያልቅና ሚዛኑን ነጥቆ ወደ ባሕሩ ይወረውራል። ጠብ ይነሣል፤ ይታሰራል። ብዙም ሳይቆይ ነጋዴዎቹ ራሳቸው እንዲፈታ ያደርጋሉ፤ እሱ ካላጠመደ እነሱ ምን ይሸጣሉ?

ከእስር የወጣው ንቶኒ ከዚህ አንድ ትልቅ ነገር ይማራል፤ ነጋዴዎቹ ያለ እሱ መኖር አይችሉም። የተቀረው ያለ እነሱ መኖር ነው። የቤተሰቡን ቤት በካታንያ ባንክ አስይዞ ገንዘብ ይበደርና በራሱ መሥራት ይጀምራል። ባሕሩም ይሰጠዋል፤ መረቡ በአንቾቪ ዓሣ ይሞላል። ቤተሰቡ በሙሉ፣ ጎረቤቱም ተጨምሮ፣ ዓሣውን በጨው እየነሰነሰ በበርሜል ሲደረድር የሚታይበት ክፍል አለ፤ ልጆቹ ይስቃሉ፣ ሴቶቹ ይዘፍናሉ፣ እጅ ሁሉ በጨው ነጭ ሆኗል። በፊልሙ ውስጥ ካሉት የደስታ ጊዜያት ዋነኛው ይህ ነው፤ ምክንያቱም ጨው ዓሣን ብቻ ሳይሆን ጊዜን ያቆያል። በጨው የታሸገ ዓሣ ዛሬ ካልተሸጠ ለከርሞ ይሸጣል፤ ስለዚህ ባለቤቱ «በዚህ ዋጋ አልሸጥም» ማለት ይችላል።

ነገር ግን የባንክ ዕዳ አለ፤ ዕዳ ደግሞ አየሩ እስኪጠራ አይጠብቅም። ንቶኒ በክፉ ቀን ሊወጣ ይገደዳል። በመንደሩ ዓለቶች ላይ ጥቁር ነጠላቸውን ተከናንበው ባሕሩን የሚመለከቱት ሴቶች ምስል በሲኒማ ታሪክ ውስጥ ከታወቁት ምስሎች አንዱ ነው። ሰዎቹ ይመለሳሉ፤ ጀልባዋ ግን ተሰባብራለች። ከዚህ በኋላ ነጋዴዎቹ ምንም ክፋት መሥራት አያስፈልጋቸውም፤ ዝም ብለው ይጠብቃሉ። በርሜሎቹ በእርካሽ ይሸጣሉ፤ ቤቱ ለባንኩ ይሆናል፤ አንዱ ወንድም ከማይታወቅ ሰው ጋር አገር ጥሎ ይሄዳል። በመጨረሻ ንቶኒ በተሳለቁበት ነጋዴዎች ፊት ቆሞ ሥራ ይለምናል።

ማዕበሉ ራሱ በፊልሙ ውስጥ እዚህ ግባ የሚባል ቦታ የለውም። ቪስኮንቲ ሊያሳየን የፈለገው ማን መጠበቅ እንደሚችልና ማን እንደማይችል ነው፤ ዋጋን የሚወስነው መጠበቅ የሚችለው ነው። ፊልሙ እንከን የለውም ለማለት አይደለም። ከሁለት ሰዓት ተኩል በላይ ይረዝማል፤ የሌላው የኢጣልያ ሕዝብ ሲሲሊኛ ስለማይሰማ የገባው ተራኪ ደግሞ በዓይናችን ያየነውን መልሶ እየነገረን ያደክማል። ዝም ቢል ኖሮ ስንት ባማረበት!

የሰውነት ሙቀት

የቅዝቃዜን ነገር ካልተረዳን ሰዎች ከጀልባቸው ጥቂት ሜትር ርቀት ላይ ለምን እንደሚሞቱ አይገባንም። ውኃ የሰውነትን ሙቀት ከአየር በ25 እጥፍ ያህል ፍጥነት ይወስዳል። የቀዝቃዛ ባሕር አደጋ ባለሙያዎች በሦስት ጊዜያት ይከፍሉታል። በመጀመሪያዋ አንድ ደቂቃ ትንፋሽ ከቁጥጥር ውጭ ይሆናል፤ ሰውየው ሳይፈልግ ይስባል፣ አፉ ውኃ ውስጥ ካለ ውኃ ይስባል። በሚቀጥሉት ዐሥር ደቂቃዎች ውስጥ ጣቶቹና ክንዶቹ ይታዘዙታል፤ ከዚያ በኋላ የተወረወረለትን ገመድ እንኳ መጨበጥ ያቅተዋል። አንድ ሰዓት ገደማ ሲሆን ራሱን ይስታል። ስለዚህ ብዙዎች የሚሞቱት ሰውነታቸው ፈጽሞ ከመቀዝቀዙ በፊት ነው።

በ2012 ባልታሳር ኮርማኩር የሠራው የአይስላንድ ፊልም «ዘ ዲፕ» ይህን ሥርዓት ስለጣሰ ሰው ነው። በማርች 1984 በዌስትማን ደሴቶች አጠገብ አንዲት ጀልባ ተገለበጠች፤ አራቱ ሞቱ። አምስተኛው፣ በሃያዎቹ መጀመሪያ ላይ የነበረ ወጣት፣ አምስት ወይም ስድስት ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ በሆነ ውኃ ውስጥ ወደ ስድስት ሰዓት ያህል ዋኝቶ ደሴቱ ላይ ደረሰ፤ ከዚያም በባዶ እግሩ ስለታም የእሳተ ገሞራ ዓለት ረግጦ እስከ ከተማው ተጓዘ። በመንገዱ ላይ ለበጎች ውኃ የተቀመጠበት አሮጌ የገላ መታጠቢያ ገንዳ አገኘና በላዩ የጋገረውን በረዶ በጡጫው ሰብሮ ጠጣ። ዶክተሮች በኋላ ሲመረምሩት ከቆዳው ሥር ያለው ስብ እንደ አቆስጣ (በቀዝቃዛ ባሕር የሚኖር እንስሳ ነው) ወፍራምና ጠንካራ ሆኖ አገኙት። የደሴቱ ሰዎች እስካሁን በየዓመቱ በመታሰቢያው ስድስት ኪሎ ሜትር በመዋኛ ገንዳ ውስጥ ይዋኛሉ። ፊልሙን የወደድኩት ሰውየውን ጀግና ለማድረግ ስላልተጣደፈ ነው፤ የተረፈበት ምክንያት ውፍረቱ መሆኑ ራሱን ያሳፍረዋል፣ የጓደኞቹን ልጆች ዓይን ማየት ደግሞ ከባሕሩ ይልቅ ይከብደዋል።

ዳኛው ማን ነው?

ከጠረፍ በራቀው ባሕር ላይ ጀልባ የምትተዳደረው ባንዲራዋን በምታውለበልብበት አገር ሕግ ነው። ባንዲራው ደግሞ ከባለቤቱ አገር ጋር ላይገናኝ ይችላል። ታይታኒክ ከሰመጠች በኋላ ለመርከቦች ደኅንነት የወጣው ዓለም አቀፍ ስምምነት አብዛኛው ክፍሉ የዓሣ ማጥመጃ ጀልባዎችን አይመለከትም። የዓለም የሥራ ድርጅት የዓሣ አጥማጆችን የሥራ ሁኔታ፣ ማለትም ዕረፍትን፣ ስንቅን፣ የሥራ ውልንና ሕክምናን የሚመለከት 188ኛውን ኮንቬንሽን ያወጣው በ2007 ነው፤ በሥራ ላይ የዋለው ደግሞ በ2017። ያጸደቁት አገሮች ጥቂት ናቸው።

ስንት ዓሣ አጥማጅ በየዓመቱ እንደሚሞት እንኳ በቅጡ የሚቆጥር የለም። ለብዙ ዓመታት ሲጠቀስ የኖረው ግምት 24,000 ነበር፤ ፊሽ ሴፍቲ ፋውንዴሽን የተባለ ድርጅት በ2022 ባወጣው ጥናት ቁጥሩ ከ100,000 እንደሚበልጥ ገመተ። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት ራሱ አንድ ነገር ይናገራል፤ ባሕር ላይ የሞተ ድሃ በቀላሉ ከመዝገብ ይወጣል።

የአውስትራሊያዊው ሮድ ራትጄን ፊልም «ቦያንሲ» (2019) ወደዚህ ጨለማ ይወስደናል። ቻክራ የሚባል የ14 ዓመት የካምቦዲያ ልጅ ከሩዝ እርሻ አምልጦ ታይላንድ ፋብሪካ ውስጥ እሠራለሁ ብሎ ከደላላ ጋር ይሄዳል፤ የሚደርሰው ግን ዓሣ ማጥመጃ መርከብ ላይ ነው። የደላላው ክፍያ በእሱ ላይ ዕዳ ሆኖ ተጽፏል። ደመወዝ የለም፤ ምግቡ ቀዝቃዛ ሩዝ ነው፤ የደከመ ሰው ወደ ባሕር ይጣላል። የሚያጠምዱትም ለሰው የማይቀርብ፣ ተፈጭቶ የእንስሳት መኖ የሚሆን ትናንሽ ዓሣ ነው። ወደ ዓረብ አገር በደላላ የሄደ ዘመድ ያለው የአዲስ አበባ ሰው ይህን ፊልም ሲያይ ትርጉም የሚያስፈልገው አይመስለኝም። ነገሩ ፈጠራ አይደለም፤ አሶሺየትድ ፕሬስ በ2015 በደቡብ ምሥራቅ እስያ ባሕር ስላለው ባርነት ያወጣው ዘገባ ከ2,000 በላይ ሰዎች ነፃ እንዲወጡ ረድቶ በማግሥቱ ዓመት የፑሊትዘርን ሽልማት አግኝቷል። ባርነቱ የሚቻለው ጀልባዎቹ ወደብ ስለማይገቡ ነው፤ ሌላ መርከብ ባሕር ላይ እየመጣ ዓሣውን ይረከባቸዋል፣ ነዳጅና ሩዝ ይሰጣቸዋል። እግሩ የብስ ያልረገጠ ሰው ለማን ይከሳል?

ወደ እኛ አካባቢ ስንመጣ፣ በ2013 የወጣው «ካፒቴን ፊሊፕስ» አለ። በኤፕሪል 2009 በሶማሊያ ባሕረኛ ዘራፊዎች ስለተያዘች የአሜሪካ የጭነት መርከብ ነው። ዘራፊዎቹ ዓሣ አጥማጆች ነበርን ይላሉ። ይህ ግማሽ እውነት ነው። የሶማሊያ መንግሥት በ1991 ከፈረሰ በኋላ የውጭ መርከቦች ያለ ፈቃድ ዓሣውን ሲያጠምዱ ኖረዋል፤ የአካባቢው አጥማጅም ተጎድቷል። ይሁን እንጂ የዓለም ባንክ በ2013 ባወጣው ጥናት ከ2005 እስከ 2012 ከ339 እስከ 413 ሚሊዮን ዶላር ቤዛ ተከፍሏል ብሎ ሲገምት፣ ከየቤዛው ከሠላሳ እስከ ሃምሳ በመቶውን የሚወስዱት ባሕር ላይ የማይወጡት ገንዘብ አቅራቢዎች መሆናቸውንም ጽፏል። መሣሪያው ተለወጠ እንጂ ድርሻው ያው የእኩል ሥርዓት ነው።

ባሕሩ እውነት ነው ወይስ ገንዳ?

ባሕር ላይ ፊልም መቅረጽ አበሳ ነው። ብርሃኑ ይለዋወጣል፣ ካሜራው ከጀልባው ጋር ይወዛወዛል፣ ጨው መሣሪያውን ይበላል። በዚህ ምክንያት አንድሪያ ጌልን የበላው ማዕበል በስቱዲዮ ገንዳና በኮምፒውተር የተሠራ ነው። ይህ ነውር አይደለም፤ ነውሩ ያለው ሌላ ቦታ ነው። ሮበርት ፍላኸርቲ በ1934 ያወጣው «ማን ኦፍ አራን» በአየርላንድ ጠረፍ ያሉ ደሴተኞች ግዙፍ ሻርክ በጦር ሲያድኑ ያሳያል፤ ዘጋቢ ፊልም ተብሎም በዓለም ዞረ። እውነቱ ግን ደሴተኞቹ ይህን አደን ከተዉት ብዙ ዐሥርት ዓመታት አልፈው ነበር፤ ለፊልሙ ሲባል እንደገና እንዲማሩት ተደረገ። አባት፣ እናትና ልጅ ተብለው የቀረቡትም ቤተሰብ አልነበሩም። ለመላው ፊልም ሲሉ በእውነተኛ ሞገድ ውስጥ ሊሰምጡ የደረሱት ግን እውነተኛ ሰዎች ናቸው። ፍላኸርቲ ሰውን ከባሕር ጋር አታገለ፤ የመሬት ባለቤትን፣ ኪራይን፣ ነጋዴን ከሥዕሉ አወጣ።

በተቃራኒው ጫፍ ያለው በ2012 ሉሲየን ካስታን ቴይለርና ቬሬና ፓራቬል የሠሩት «ሌቫያታን» ነው። ትናንሽ ካሜራዎችን በአጥማጆቹ ሰውነት ላይ፣ በእንጨት ጫፍና በውኃው ውስጥ ሰቅለው ከኒው ቤድፎርድ በወጣች መርከብ ላይ ቀረጹ። ተራኪ የለም፣ ታሪክ የለም፣ ማብራሪያም የለም፤ ደም፣ ሰንሰለት፣ ጨለማና የወፍ ጩኸት ብቻ። ግማሹ ተመልካች ቢነሣ አልፈርድበትም፤ እኔንም ራሴን አዙሮኛል። አንድ ትዕይንት ግን ከአእምሮዬ አልወጣም። ከሥራ የወጣ አንድ አጥማጅ በመርከቧ ማዕድ ቤት ተቀምጦ ቴሌቪዥን ያያል፤ በቴሌቪዥኑ የሚታየው ስለ ዓሣ አጥማጆች ጀብዱ የተሠራ ዝግጅት ነው። ሰውየው ለደቂቃዎች ያህል ዓይኑን እየታገለ በመጨረሻ እንቅልፍ ይጥለዋል። ካሜራው አይነቃነቅም። ስለ ድካም ከዚህ የበለጠ የተናገረ ትዕይንት አላውቅም፤ ድካም ደግሞ በዚያ ሥራ ላይ ከማዕበል ያላነሰ ገዳይ ነው።

የእኛ ሐይቆች በዚህ በኩል ገና አልተነኩም። ጫሞ ሐይቅ ላይ የሚያጠምድ ሰው አዞ እየጠበቀው መረቡን ይጥላል፤ ካሜራ ይዞ የሚወርድ ሰው ሁሉ የሚቸኩለው ደግሞ ወደ አዞው ነው። መረቡ የማን እንደሆነ፣ በረዶውን ማን እንደሚያመጣ፣ ጠረፍ ላይ ዋጋውን ማን እንደሚቆርጥ ጠይቆ የሚነሣ ፊልም እፈልጋለሁ።

የሕንድ ፊልም ወዳጆችን ሳልጠቅስ ማለፍ አልችልም። በንጉሡ ዘመን ከኬረላ የመጡ መምህራን በየትምህርት ቤቱ ሒሳብና ፊዚክስ አስተምረውናል፤ ከዚሁ ግዛት የወጣው የራሙ ካሪያት «ቼሚን» (1965) በሕንድ የፕሬዝዳንቱን የወርቅ ሜዳሊያ ያገኘ ነው። በጠረፉ ነዋሪዎች እምነት ባሏ ባሕር ላይ ሳለ ታማኝነቷን ያጎደለች ሚስት የባሕር እናትን ታስቆጣለች፤ ባሏም አይመለስም። ሰው ሁሉ ስለዚህ ፊልም ሲያወራ ፍቅሩን ያነሣል። እኔ ደግሞ ብድሩን አነሣለሁ፦ የልጅቷ አባት ጀልባና መረብ የገዛው ከሚወዳት ነጋዴ ወጣት ተበድሮ ነው፤ የሚይዘውን ዓሣ ለእሱ እሸጣለሁ ብሎ ቃል ገብቶ ካደው። መንደሩ የልጅቷን እግር ሲቆጥር የአባቷን ዕዳ የሚቆጥር አልነበረም።

የትኛውን ላስቀድም ለሚል ሰው፣ የማልታውን «ሉዙ» (2021) እመክራለሁ። አንድ ሰዓት ተኩል ገደማ ነው፤ አሌክስ ካሚሌሪ አዘጋጅቶታል፤ ዋናው ተዋናይ ጄስማርክ ሺክሉና እውነተኛ ዓሣ አጥማጅ ሲሆን በሰንዳንስ ፌስቲቫል በትወናው ተሸልሟል። ከአባቱ የወረሳት ባለ ደማቅ ቀለም ጀልባ፣ በአፍንጫዋ ሁለት ዓይን የተሣለባት፣ ውኃ ማስገባት ጀምራለች፤ ልጁ ሕክምና ይፈልጋል። የአውሮፓ ኅብረት የዓሣ ሀብቱ እንዲያገግም ብሎ ጀልባውንና ፈቃዱን ለሚመልስ ሰው ገንዘብ ይከፍላል፤ ጀልባዋ ግን ትሰባበራለች። በአንድ ትዕይንት መረቡ ላይ ትልቅ ሰይፍ ዓሣ ሞቶ ያገኛል። ወቅቱ ያ ዓሣ እንዳይያዝ የተከለከለበት ነው። ዓሣው ሞቷል፤ ቢሸጠው የቤቱን ብዙ ቀዳዳ ይደፍናል፤ ሕጉ ግን ወደ ባሕር መልስ ይለዋል፤ ይመልሳል። ከዚያ በኋላ በጥቁር ገበያ የሚሸጡትን ሰዎች ሲያገኛቸው ምን እንደሚያስብ ለመረዳት የተዋናዩን ፊት ማየት ብቻ ይበቃል። «ላ ቴራ ትሬማ»ን ከእሱ ቀጥሎ፣ ሰፊ የእሑድ ከሰዓት በኋላ ስታገኙ እዩት።